የስውሩ ዓለም ዕውቀትና ዳኞቹ

በአንድ ቦታ ላይ ሁለት ዓለም ተደርቦ ይኖራል፤ አንደኛው ለዓይን ይታያል፣ ሁለተኛው ተሰውሯል፤ ድንበሩን የሚያውቅ ይሻገረዋል፣ ሳያውቅ የነካው ይጠፋል። ይህ ሐሳብ ዛሬ የልብ ወለድ ደራሲዎችና የፊልም ሠሪዎች ሲሳይ ነው። ተደራራቢ ዓለሞችን የሚያጠና ሳይንስ ይፈጥሩና ቤተ ሙከራ፣ የታሸገ መዝገብ፣ ዘብ የቆመበት በር፣ አእምሮውን የሳተ ተመራማሪ ይሰጡታል። እኛ አገር ግን ነገሩ ልብ ወለድ ሆኖ አያውቅም። ከሺህ ዓመት በላይ መጻሕፍት፣ መምህራን፣ መሣሪያ፣ የደዌ ዝርዝርና የጥንቃቄ ሥርዐት የነበረው ዕውቀት ነው። የተፈቀደ ክፍል ነበረው፣ የተከለከለም ነበረው፤ በተከለከለው ሰበብ የሞቱ የንጉሥ ልጆች አሉ። ታሪኩን ከሥሩ ለሚከተል ሰው እየጎላ የሚመጣ አንድ ነገር አለ፦ በጽሑፍ ተመዝግቦ የደረሰን ጥፋት ከወዲያኛው ዓለም የመጣ አይደለም። ጥፋቱ የመጣው ከወዲህ፣ «አይቻለሁ» ብሎ ቃሉን የሚመረምርበት ካጣ ሰው ነው። ለዚህ ክርክር የሚሆነው ማስረጃ ደግሞ ብዙው የሚገኘው በደቡብ ወሎ፣ በሐይቅና በአምባሰል ዙሪያ ነው። (ዓ.ም. ካላልኩ በቀር ዓመቶቹ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ነገሩ የሚነሣው ከአክሱም ዘመን ነው። ቅዱሳት መጻሕፍት ከጽርእ ወደ ግእዝ ሲመለሱ አብረው ከገቡት መካከል ዛሬ ሙሉ ይዘታቸው በግእዝ ብቻ የሚገኝ መጻሕፍት አሉ፤ ከእነርሱ ሁለቱ መጽሐፈ ሄኖክና ዕርገተ ኢሳይያስ ናቸው። ዕርገተ ኢሳይያስ ሰባቱን ሰማያት አንዱን በአንዱ ላይ ደርቦ ነቢዩን በየደረጃው ያሳልፈዋል፤ ከሰማያቱ በታች በጠፈሩ ላይ ያለው ጠብና ቅናትም በምድር ካለው ጋር አንድ መልክ እንዳለው ይናገራል። ሄኖክ ይበልጥ ቆጣሪ ነው። ፀሐይ የምትወጣባቸውን ስድስት የምሥራቅ በሮች፣ የምትገባባቸውን ስድስት የምዕራብ በሮች ይዘረዝራል፤ ዓመቱን 364 ቀን አድርጎ ያሰላል። አደጋውንም መጀመሪያ የጻፈው እሱ ነው። ሁለት መቶ ትጉሃን በአርሞን ተራራ ላይ ወርደው ለሰው ልጆች ሰይፍና ጥሩር መሥራትን፣ ኩል መኳልን፣ ሥር መማስን፣ አስማትንና የከዋክብትን ምልክት አስተማሩ፤ ምድርም በደም ተሞላች። ልብ ብሎ ላነበበው እዚህ ላይ የሚገርም ነገር አለ። ሄኖክ ራሱ የሰማይን ሥርዐት የተማረው ከመላእክት ነው። የትምህርቱ ምንጭ ሰማይ መሆኑ ሁለቱን አይለያቸውም። የሚለያቸው አካሄዱ ነው፤ ትጉሃኑ ወሰን ጥሰው፣ በመሐላ ተማምለው፣ ለወደዱት ሰው በምስጢር አቀበሉ፤ ሄኖክ ግን ጸሐፊ ነበርና ያየውን ጽፎ ለልጁ ለማቱሳላ አስረከበ። ስኮትላንዳዊው ጄምስ ብሩስ በ1773 ሦስት ቅጂ ይዞ አውሮፓ እስኪገባ ድረስ ይህ መጽሐፍ በምዕራቡ ዓለም እንደ ጠፋ ይቆጠር ነበር። እኛ ዘንድ ግን በየገዳሙ ይገለበጥ ነበር።

ከደሴ በስተሰሜን 30 ኪሎ ሜትር ያህል ርቆ የሚገኘው የሐይቅ እስጢፋኖስ ገዳም በዚህ ታሪክ ውስጥ የሚገባው እንደ መጻሕፍት ቤት ነው። ትውፊቱ የቤተ ክርስቲያኑን መመሥረት ወደ ዘጠነኛው መቶ ዓመት፣ ወደ ንጉሥ ድልናዖድና ወደ አባ ሰላማ ካልዕ ይወስደዋል። ጽኑ መሬት የምንረግጠው ግን በ1248 አካባቢ ነው። የዳህናው ተወላጅ አባ ኢየሱስ ሞዐ ከደብረ ዳሞ ተምሮ መጥቶ ያን ጊዜ ደሴት በነበረው፣ ዛሬ ከየብስ ጋር በተያያዘው ቦታ ላይ ሰፈረ። ገድሉ እንደሚለው ከእሱ በፊት በደሴቱ ላይ ሴቶችና ባለትዳር ካህናትም ይኖሩ ነበር፤ እሱ የወንዶች ገዳም አደረገው፣ የትምህርትም ቤት አደረገው። ተክለ ሃይማኖት እዚህ ተምሮ ነው ወደ ሸዋ የተመለሰው፤ ጣና ላይ ዳጋ እስጢፋኖስን የመሠረተው ኂሩተ አምላክም የዚሁ ቤት ልጅ ነው። በ1270 ይኩኖ አምላክ ሲነግሥ የሐይቁ አበ ምኔት በቤተ መንግሥቱ «ዐቃቤ ሰዓት» ተባለ፤ የታሪክ ምሁሩ ታደሰ ታምራት በ1970 በጻፉት ጥናት ከ1248 እስከ 1535 የነበሩትን የሐይቅ አባቶች ተራ በተራ ተከትለዋል። በ1273 ዓ.ም. የተጻፈው የኢየሱስ ሞዐ አራቱ ወንጌል ደግሞ አሁንም አለ። በ1970ዎቹ የኢትዮጵያ ብራናዎች በማይክሮፊልም ሲነሡ ቁጥር 1832 የተሰጠው እሱ ነው። በውስጡም ኢየሱስ ሞዐ ለገዳሙ የሰጣቸው መጻሕፍት ዝርዝር ይገኛል። የመጻሕፍት ዝርዝር ለዚህ ክርክር ትንሽ ማስረጃ አይደለም፤ አንድ ቤት ዕውቀቱን ከአንድ ሰው ጭንቅላት አውጥቶ ለሌላ ሰው ዓይን እንዳቀረበ ያሳያል።

በእንዲህ ያለ ቤት ውስጥ ስለ ተሰወረው ዓለም የነበረው አቋም ብዙ ጊዜ በስሕተት ይቀርባል። ገዳማዊው ሁሉ ራእይ አሳዳጅ ይመስለናል። እርግጥ መነኮሳቱ ሁለተኛውን ዓለም አልካዱም። በዚሁ ምድር ላይ እየኖሩ ለዓይን የተሰወሩ ቅዱሳን፣ ስውራን የሚባሉ፣ እንዳሉ ዛሬም በየገዳሙ ይነገራል፤ ብሔረ ብፁዓንና ብሔረ ሕያዋን በካርታ የማይገኙ ግን ያሉ አገሮች ናቸው። የመነኮሳት መጻሕፍት የሚባሉት፣ ማለት ማር ይስሐቅ፣ ፊልክስዩስና አረጋዊ መንፈሳዊ፣ በአንድምታ የሚማሯቸው ሰዎች እንደሚያውቁት ግን የመጀመሪያው ትምህርት ጥርጣሬ ነው። ጀማሪው በሌሊት ብርሃን ቢያይ አይስገድለት፤ መልአክ ነኝ ያለውን ሁሉ አይመን፤ ያየውን ለአበ ነፍሱ ይንገር፤ ካየ በኋላ ትዕቢት ከተሰማው ያየው ነገር ከየት እንደመጣ በዚያ ይወቅ። ጾም፣ እንቅልፍ ማጣትና ብቸኝነት ሰውን ምን እንደሚያሳዩት እነዚህ ሰዎች ከማንም ይበልጥ ያውቁ ነበርና ሥርዐቱን የሠሩት ለዚያ ነው። የልብ ወለዱ ሳይንቲስት የመከላከያ ልብስ ይለብሳል። መነኩሴው ደግሞ መምህር፣ የሰዓት ጸሎት፣ የጋራ ማዕድ ነበረው። ራእይ ያየ ሰው ብቻውን እንዳይሆን የሚያደርግ ዝግጅት ነው።

እዚህ ላይ አማኝ አንባቢ ቅር ሊለው ይችላል፤ ቅዱሱንና አስማተኛውን በአንድ ሚዛን ማስቀመጥ ድፍረት ነው ሊል ይችላል። ሚዛኑን ያመጣችው ግን ቤተ ክርስቲያኗ ራሷ ናት። ሁለቱም ወገን ስለ ተሰወረ ነገር ስለሚናገር፣ በሚናገሩት ነገር ብቻ መለየት አይቻልም ነበር። ለዚህ የአባ ጊዮርጊስ ዘጋስጫ ታሪክ ጥሩ ምሳሌ ነው። የሐይቅ ተማሪ ሳለ ትምህርት አልገባው ብሎ ዓመታት እንደቆየ፣ በእመቤታችን ሥዕል ፊት ሲያለቅስ ኖሮ የልቡና ጽዋ እንደተሰጠው ይነገራል። ዕውቀቱ ከወዲያ መጣ ማለት ነው። ነገር ግን ጊዮርጊስ ከዚያ በኋላ ያደረገው ነገር «ጽዋ ጠጥቻለሁ፣ እመኑኝ» ማለት አልሆነም። ሰዓታትን ደረሰ፣ አርጋኖንን ደረሰ፤ በ1424 የፈጸመው መጽሐፈ ምሥጢርም ከመናፍቃን ጋር ምዕራፍ በምዕራፍ፣ ጥቅስ በጥቅስ የሚሟገት መጽሐፍ ነው። ጽዋው የግሉ ነው፤ ሙግቱ ግን ለሚያነብ ሁሉ ክፍት ነው። መልስ ሊሰጡት ይችላሉ።

ከእሱ በኋላ በአሥር ዓመት ግድም የነገሠው ሰው በሌላ መንገድ ሄደ። ዘርዐ ያዕቆብ ከ1434 እስከ 1468 ገዛ። ከዚያ በፊት የነበረው ዕድሜው የንጉሥ ልጆች በሚጠበቁበት በአምባ ግሸን እንዳለፈ ይነገራል፤ ግሸን ዛሬም በአምባሰል ወረዳ ነው። ተራራ ላይ ታስሮ፣ ከዛሬ ነገ ማን ይገድለኝ ይሆን እያለ ያደገ ልጅ ዙፋን ላይ ሲወጣ ጠላቱ በዓይን የማይታይ ቢሆንበት ሊያስደንቅ አይገባም። ዘርዐ ያዕቆብ ተራ ሰውም አልነበረም፤ ሊቅ ነበር። መጽሐፈ ሚላድና መጽሐፈ ብርሃን በስሙ ይጠራሉ፤ ሄኖክን የማይቀበል ክርስቲያን አይደለም ብሎ ከተጠራጣሪዎች ጋር ተከራክሯል። ስለ ስውሩ ዓለም ከማንም ይበልጥ ያነበበ ንጉሥ ነው ማለት ይቻላል። አደጋውም ከዚያ ይጀምራል።

ዜና መዋዕሉ የሚነግረን ትእዛዝ እንዲህ ነው። ሰው ሁሉ በግንባሩ ላይ የአብ፣ የወልድና የመንፈስ ቅዱስ መሆኑን፣ በቀኝ እጁ ላይ ሰይጣንን መካዱን፣ በግራ እጁ ላይ ደስክ የተባለውን ጣዖት ክዶ የማርያም አገልጋይ መሆኑን የሚገልጽ ጽሑፍ እንዲያደርግ ታዘዘ፤ ያላደረገ ቤቱ ይዘረፋል፣ ሥጋው ይቀጣል። በደብረ ብርሃን ቤተ መንግሥት ደግሞ ካህናት ቀንና ሌሊት ሳያቋርጡ መዝሙር እየደገሙ በግቢው ዙሪያ ጠበል ይረጩ ነበር፤ ምክንያቱ አስማተኞች በንጉሡ ላይ ይመቀኙ ስለነበር ነው ይላል ጸሐፊው። ወደ ውስጠኛው ክፍል ከሚገቡት ጥቂቶች አንዱ ዐቃቤ ሰዓቱ አምኃ ጽዮን ነበር። እስቲ ትእዛዙን በጥሞና እንየው። በሥጋ ላይ የሚጻፍ ስም፣ ክፉውን የሚያርቅ ቃል፣ በተወሰነ የአካል ክፍል ላይ የሚደረግ፦ ይህ ክታብ ነው። ንጉሡ ክታብን የተዋጋው በመንግሥት ክታብ ነው። የከለከለውን ዕውቀት አልተወውም፤ ለብቻው ያዘው።

ከዚያ የሆነው ይታወቃል። ነገር አቅራቢዎች ተነሡ፤ እገሌ ለደስክ ሰገደ፣ እገሌ ዲኖ ለተባለው ሌላ ጣዖት ሰገደ የሚል ክስ በዛ። የንጉሡ የራሱ ልጆች፣ ገላውዴዎስ፣ ዘርዐ አብርሃም፣ በትረ ጽዮንና ሌሎች፣ ወንዶችም ሴቶችም፣ በዚሁ ክስ ተቀጥተው ከእነርሱ የሞቱ አሉ። በኋላ በ1462 የንጉሡ ልጅ የበእደ ማርያም እናት ጽዮን ሞገሳ ልጇን ልታነግሥ አስባለች ተብላ በግርፋት ሞተች። እዚህ ላይ የክሱን ጠባይ ማየት ያስፈልጋል። ሰው ላም ሰረቀ ቢባል ላሟ አለች ወይም የለችም፤ ምስክር ይጠራል፣ ተከሳሹ ይከላከላል። በስውር ለማይታይ አካል ሰገደ የተባለ ሰው ግን በምን ይከላከላል? አልሰገድኩም ቢል፣ ይህንኑ ያስባለው ያ መንፈስ ነው ይባላል። የማይታየው ዓለም ወደ ችሎት ሲገባ ማስረጃ የሚባለው ነገር አብሮ ከችሎት ይወጣል። የመነኮሳቱ ጥንቃቄ የቆመው ራእይን አየሁ ያለው ሰው ራሱ እንዲጠረጠር ነበር፤ በዘርዐ ያዕቆብ ግቢ ግን የተጠረጠሩት ሌሎች ሁሉ ሲሆኑ፣ አየሁ ባዩ ከጥርጣሬ ነጻ ሆነ።

የደብረ ብርሃን ስም የወጣበት ታሪክ ነገሩን ይበልጥ ያጠራዋል። ደቂቀ እስጢፋኖስ የተባሉት የጉንዳ ጉንዴ መነኮሳት ስግደት ለሥላሴ ብቻ ነው ብለው ለንጉሡ አልሰግድ አሉ። ብዙዎቹ ተሠቃዩ፤ በየካቲት 2 ቀን በድንጋይ የተወገሩ ነበሩ። ከ38 ቀን በኋላ፣ በመጋቢት 10 የመስቀል በዓል፣ በሰማይ ላይ ብርሃን ታየ። ንጉሡ ብርሃኑን የፍርዱ ማረጋገጫ አድርጎ ተረጎመውና በቦታው ቤተ ክርስቲያን አሠራ፤ ከተማውም ስሙን ከዚያ አገኘ። በ1456 ከታየው የሐሊ ጅራታም ኮከብ ጋር ብርሃኑን ያያያዙ የዘመናችን ጸሐፊዎች አሉ። ኮከብ ይሁን ሌላ፣ ለእኔ ክርክር ብዙ ለውጥ አያመጣም። ብርሃኑን ሁሉም አየ፤ ትርጓሜውን ግን አንድ ሰው ሰጠ። የተወገሩት ወገኖች ብርሃኑ ስለ ሰማዕታቱ የወጣ ነው ቢሉ ማን ይሰማቸዋል? የእነሱን ወገን ታሪክ ሰፊው አንባቢ በአማርኛ ለማግኘት ጌታቸው ኃይሌ «ደቂቀ እስጢፋኖስ በሕግ አምላክ» የተባለውን ትርጉማቸውን እስኪያሳትሙ፣ ከአምስት መቶ ዓመት በላይ መጠበቅ ነበረበት።

ይህን ሁሉ የሚሰማ የታሪክ ሰው አንድ ተገቢ ተቃውሞ ያቀርባል፦ ጉዳዩ ተራ ፖለቲካ ነው፤ ንጉሡ ተቀናቃኞቹን ሊያጠፋ ፈለገ፣ ጣዖቱ ሰበብ ነበር፤ ስለ ስውር ዓለም ዕውቀት ምን አገባው? ተቃውሞው ግማሽ መንገድ ያስኬዳል። የሥልጣን ጉዳይ እንደነበረበት አልጠራጠርም፤ የጽዮን ሞገሳ ክስ ያን በግልጽ ያሳያል። ነገር ግን ሰበብ የሚሆነው ሰው የሚያምነው ነገር ነው። ግብር አልከፈለም የሚል ክስ የንጉሥን ልጅ በአደባባይ አያስገድልም፤ ደስክ የሚያስገድለው ሕዝቡም፣ ካህናቱም፣ ንጉሡም ከዚህ ዓለም ጋር ተደርቦ የሚኖር ሌላ ዓለም እንዳለና ከዚያ ጋር መዋዋል እንደሚቻል ስለተስማሙ ነው። ፖለቲካው መሣሪያውን ያገኘው ከዕውቀቱ ውስጥ ነው።

ከዚያ በኋላ ያለው የሐይቅ የክብር ዘመን አጭር ነው። በ1520ዎቹ አገሩን የዞረው ፖርቱጋላዊው ካህን ፍራንሲስኮ አልቫሬዝ የሐይቁን ጉማሬዎችና የደሴቱን ገዳም ጽፎልናል። በ1524 ዓ.ም. የኢማም አሕመድ ኢብን ኢብራሂም ሠራዊት ቤተ አምሐራን ሲያጥለቀልቅ የሐይቅም ደሴት ተያዘ፤ የጦርነቱ ጸሐፊ ዐረብ ፋቂህ ዘመቻውን በዐረብኛ ተርኮታል። የገዳሙ አባቶች በቤተ መንግሥት የነበራቸው ከፍተኛ ቦታ ከዚያ ወዲያ አልተመለሰም፤ በኋላ ትልቁን ሥልጣን የደብረ ሊባኖስ ዕጨጌ ያዘው። የቤተ መንግሥቱም የትምህርቱም መናኸሪያ ቀስ እያለ ወደ ጣና ዙሪያና ወደ ጎንደር ሄደ።

በጎንደር ዘመንና ከዚያ በኋላ ስለ ስውሩ ዓለም የነበረው ዕውቀት በብዛት በደብተራ እጅ ወደቀ። ደብተራ የቤተ ክርስቲያን ትምህርት ያለው፣ ዜማና ቅኔ የሚያውቅ፣ ግን ክህነት የሌለው ሊሆን የሚችል ሰው ነው፤ ቀን በማሕሌት ይቆማል፣ ማታ ክታብ ይጽፋል። ከሥራው አንዱን ቀረብ ብለን ብናየው፦ የበግ ወይም የፍየል ቆዳ ይፋቅና በረጅሙ ይቆረጣል፤ ቁርጥራጮቹ በጠፍር እየተሰፉ ይቀጣጠላሉ፤ ርዝመቱ በታማሚው ቁመት ልክ ነው፣ ከራስ እስከ እግር እንዲጠብቅ። ጸሎቱ በጥቁር ቀለም፣ የቅዱሳኑና የታማሚው ስም በቀይ ይጻፋል። በመካከሉ ጠልሰም ይሳላል፤ ከስምንት ማዕዘን ኮከብ መካከል አፍጥጦ የሚያይ ፊት፣ ዓይን፣ ዙሪያውን ዓይን። መንፈሱ በታማሚው ዓይን በኩል ሥዕሉን ሲያይ ይደነግጣል፣ ይወጣል ነው ትምህርቱ። ዓይነ ጥላ፣ ቡዳ፣ ባርያ፣ ሾተላይ፣ ለጌዎን፣ ዛር፣ እያንዳንዱ የራሱ ጸሎት አለው፤ ሕፃናትን ለምትገድለው ውርዝልያ የሱስንዮስ ጸሎት ይታዘዛል። ፈረንሳዊው ተመራማሪ ዣክ መርሲዬ ከ1970ዎቹ ጀምሮ እነዚህን ጥቅሎች ሲያጠና በሥዕላቸው ብቻ አልተወሰነም፤ የሕክምና አሳብ እንዳላቸው አሳይቷል።

ታዲያ ይህ ሳይንስ ነው? አይደለም ለሚል ሰው መልሴ «ልክ ነህ፣ ግን በየትኛው ምክንያት?» የሚል ነው። ምደባ አለው፣ መሣሪያ አለው፣ ለዓመታት የሚቆይ ትምህርት አለው፣ ስለዚህ በእነዚህ አይወድቅም። የሚወድቀው መሳሳቱን የሚያውቅበት መንገድ ስለሌለው ነው። ታማሚው ከዳነ ክታቡ ሠራ፤ ካልዳነ መንፈሱ ሌላ ነበር፣ ወይም ኮከቡ በትክክል አልተቆጠረም፣ ወይም ታማሚው ክታቡን ይዞ ወደማይገባበት ቦታ ገባ። የትኛውም ውጤት ትምህርቱን አይነካውም። ለፍትሕ ሲባል ግን አንድ ነገር መጨመር አለብኝ። በደብተራው እጅ የሞተው ሰው በንጉሡ እጅ ከሞተው እጅግ ያንሳል። ደብተራው ይፈራል፣ ይታማል፣ ሰው ይርቀዋል፤ ማንንም ግን በአዋጅ ማስገረፍ አይችልም። ካልፈወሰ ታማሚው ወደ ሌላ ይሄዳል። የገበያ ፉክክር ደካማ ዳኛ ቢሆንም ዳኛ ከማጣት ይሻላል።

ወሎ ደግሞ ለነገሩ የራሱን መልክ ሰጥቶታል። እዚህ ክርስቲያንና ሙስሊም በአንድ ቤት፣ በአንድ ዘር ይኖራሉ፤ ወዳጃ ላይ ቡና ተፈልቶ፣ ዕጣን ጨሶ፣ ዱዓ ሲደረግ ሁለቱም ይቀመጣሉ፤ አውልያ የሚባለውን ሁለቱም ያከብራሉ። እንደ ጀማ ንጉሥ ያሉ የሱፊ ማዕከላት ከሐይቅ ገዳም ጋር በአንድ አገር የኖሩ የስውር ዕውቀት ቤቶች ናቸው፤ እዚያም ተማሪው ያየውን ለሸኹ ሳይናገር አያድርም፤ ጥንቃቄው ከመነኮሳቱ ጋር አንድ ነው። በ1870 ዓ.ም. ግን ከደሴ አጠገብ በቦሩ ሜዳ ዐፄ ዮሐንስ አራተኛ ንጉሥ ምኒልክ ባሉበት ጉባኤ አድርገው የቤተ ክርስቲያኗን የሃይማኖት ክርክር በአንድ ወገን ዘጉ፤ የወሎ ሙስሊሞችም እንዲጠመቁ ታዘዙ። የወሎው መስፍን መሐመድ ዓሊ ተጠምቆ ሚካኤል ተባለ፤ የሃይማኖት መምህሩ ሸኽ ጦልሐ ግን ዐምፀው ተዋጉ። በመካከል ያለው ብዙ ሕዝብ በአደባባይ አንድ፣ በጓዳ ሌላ ሆኖ ኖረ። ሁለት ዓለም ተደርቦ የሚኖርበትን ሁኔታ ያለ አስማት የፈጠረ አዋጅ ይህ ነው፤ በአንድ ሰው ውስጥ፣ በአንድ ቤት ውስጥ። ንጉሡ በማይታየው ነገር ላይ፣ በሰው ልብ ላይ፣ ዳኛ ሆኖ ተቀመጠ፤ ውጤቱም ከደብረ ብርሃኑ ጋር ተመሳሳይ ነው፦ የሚታየው ታዘዘ፣ የማይታየው ወደ ጥልቀት ወረደ።

በሃያኛው መቶ ዓመት ጥያቄው ተለወጠ። በ1932 የዳካር ጅቡቲ የጥናት ጓድ ጎንደር ሲደርስ ሚሼል ሌሪስ የተባለው አባል ከታወቀችው የዛር መሪ ከመልካም አያሁ ቤት ወራት አሳለፈ፤ አባ ጀሮም ገብረ ሙሴ አስተርጓሚው ነበሩ። ሌሪስ ዛር አለ ወይስ የለም የሚለውን ትቶ ባለዛሯ ምን ታደርጋለች ብሎ ጻፈ፤ አንዲት ሴት እንደ ሁኔታው አሁን ጦረኛ፣ አሁን ሰባኪ የሆነ ዛር እንደሚወርድባት፣ የትኛውን ማስመሰል፣ የትኛውን እውነት ማለት እንደሚያስቸግር መዘገበ። በ1958 ባሳተመው መጽሐፉ የዛርን ቤት ሰዎች ከሚኖሩት ቲያትር ጋር ያገናኘው ለዚህ ነው። (ያው ጓድ የአባ እንጦንስን ቤተ ክርስቲያን ሥዕሎች ነቅሎ ወደ ፓሪስ ወስዶ በቦታው አዲስ ቅጂ አስቀምጧል፤ አጥኚም ከስግብግብነት ነጻ አይደለም።) በ1968 ደግሞ ሮበርት ጊልና ባልደረቦቹ በጊዮን ከተማ የእምነት ፈውስንና የመንፈስ ልክፍትን በሐኪም ዓይን አጥንተው አሳተሙ። በእነዚህ ሥራዎች ውስጥ ለመጀመሪያ ጊዜ የምናየው ነገር ታማሚዋ ራሷ ስትናገር ነው፤ ከዚያ በፊት ስለ እሷ የሚናገረው መንፈሱ ወይም አስወጪው ነበር።

በዚህ ጊዜ የሚነሣ የመጨረሻ ተቃውሞ አለ። የዘመኑ ፊዚክስ ራሱ ስለ ብዙ ዓለሞች ይናገር የለም ወይ? አሜሪካዊው ሂዩ ኤቨሬት በ1957 ያቀረበውን አሳብ ተከትለው፣ አንድ የኳንተም ልኬት ባለ ቁጥር ውጤቶቹ ሁሉ በየራሳቸው ቅርንጫፍ እውን ይሆናሉ የሚሉ ፊዚክስ አዋቂዎች አሉ፤ ታዲያ የአባቶቻችን ዕውቀት ቀድሞ ደርሶበት ነበር ለማለት የሚቸኩል ሰው አይጠፋም። ዝምድናው የላይ ላዩን ነው። የኤቨሬት ቅርንጫፎች እርስ በርስ አይነጋገሩም፣ ሰው አያሳምሙም፣ በክታብ አይባረሩም፤ አሳቡን የማይቀበሉ ባልደረቦችም ብዙ ናቸው፣ ተቃውሟቸውንም በገሃድ ይጽፋሉ። ከሐይቅ ጋር የሚያመሳስለው ነገር ካለ፣ ተቃዋሚው ሳይፈራ መልስ መጻፍ መቻሉ ብቻ ነው፤ ጊዮርጊስ በመጽሐፈ ምሥጢር ያደረገውም ይኸው ነው።

ሐይቁ ራሱ ደግሞ በዘመናችን ሌላ ዓይነት ተደራራቢ ዓለም ሰጥቷል። ኢየን ዳርቢሻየር፣ ሄንሪ ላምና ሙሐመድ ኡመር ከሐይቅና ከጎረቤቱ ከሐርዲቦ ወለል ጭቃ በቱቦ አውጥተው፣ በውስጡ ተደርቦ የተቀመጠውን የአበባ ብናኝ ቆጥረው፣ የ3000 ዓመት የደን ታሪክ በ2003 አሳተሙ። ያገኙት ነገር ደኑ ከአንድ መቶ ዓመት ወዲህ ብቻ ተመነጠረ የሚለውን የለመድነውን ተረት ይቃረናል። ዝግባና ጥድ የነበረበት ደን ከክርስቶስ ልደት በፊት በ500 ገደማ ተመንጥሮ ለአሥራ ስምንት መቶ ዓመት ያህል አገሩ ቁጥቋጦና ሣር ሆኖ ኖረ፤ ከ1400 እስከ 1700 ባለው ጊዜ ጥዱና ወይራው ተመልሶ በቀለ፤ ከዚያ ወዲህ እንደገና ተመነጠረ። ደኑ የተመለሰው ዘርዐ ያዕቆብ በነገሠበት፣ የኢማም አሕመድ ጦር ባለፈበት፣ አገሩ በታመሰበት ዘመን ነው። አጥኚዎቹ ምክንያቱ የሕዝቡ ቁጥር መቀነስ ሊሆን እንደሚችል ጽፈዋል። ዜና መዋዕሉ ስለዚህ አንድ ቃል አይልም፤ ንጉሡ ዓይኑን በደስክ ላይ ተክሎ ነበርና። አጥኚዎቹ የሰጡት ምክንያት ስሕተት ሊሆን ይችላል፤ ስሕተት መሆኑን ለማሳየት የሚፈልግ ሰው ጀልባና ቱቦ ይዞ በዚያው ሐይቅ ላይ ሌላ ጉድጓድ መቆፈር ይበቃዋል።